ምራቷስ?

ይድረስ ለዝግጅት ክፍሉ፣

በህንድ አያት፣ ልጅና የልጅ ልጅ አብረው ስለሚኖሩበት ቤት ያወጣችሁትን ጽሑፍ ወድጄዋለሁ። አንድ ሰው ግን ቀርቷል፤ ምራቷ።

በህንዷ ጉጃራት ግዛት፣ አህመዳባድ ከተማ ስማር የኖርኩት በአሮጌው ከተማ ነው። ቤቶቹ ግድግዳ የሚጋሩበት፣ የጋራ መግቢያ በር ያለው «ፖል» የሚባል ሰፈር ነው። አከራዮቼ አዛውንት ባልና ሚስት ነበሩ። ሁለት ወንዶች ልጆቻቸውም ከነሚስቶቻቸውና ከነልጆቻቸው እዚያው ይኖራሉ።

ከሁሉም ቀድማ የምትነሳው ትልቋ ምራት ነበረች። ዝንጅብል ያለበትን የወተት ሻይ አፍልታ መጀመሪያ ለአማቶቿ ትሰጣለች። አማቷ ስኳር ስላለባቸው የእሳቸው ለብቻ ይፈላል። ልጆቹ ወደ ትምህርት ቤት ሲወጡ የአያቶቻቸውን እግር ነክተው ይመረቃሉ። ደስ የሚል ነገር ነው! እሷ ግን ያን ሰዓት ሮትሊ እየዳመጠች ነው። ሮትሊ ስስ ቂጣ ስለሆነ ትኩሱን ካልተበላ ጣዕሙ ይጠፋል። ስለዚህ ሌላው ሲበላ ምራቶቹ ይጋግራሉ። እነሱ የሚቀመጡት መጨረሻ ላይ ነው።

ጥቅም የለውም አልልም። ታናሿ ምራት አስተማሪ ናት። እሷ ሥራ ስትውል ልጇን የሚይዙላት አማቷ ናቸው፤ የቤት ሥራውን የሚያሠሩት አያትየው። ለሞግዚት የምታወጣው ገንዘብ አልነበረም።

ጃንዋሪ 14 የኡታራያን በዓል ሲከበር ደግሞ ከተማው በሙሉ ካይት (በክር ተይዞ በነፋስ የሚበር ወረቀት) ሊያበር ጣሪያ ላይ ይወጣል። የበዓሉ ምግብ ኡንድሂዩ ከሱቅ ተገዝቶ መጣ። ምራቶቹ ከሰው እኩል ሲጫወቱ ያየሁት ያን ቀን ነው።

ጽሑፋችሁ አዛውንቶቹ የሚጦሩት በባህል ብቻ እንደሆነ ያስመስላል። ህንድ ግን በ2007 እ.ኤ.አ. ለዚህ ሕግ አውጥታለች። ጧሪ ያጣ ወላጅ ለጉዳዩ ወደተቋቋመ ችሎት ሄዶ ከልጆቹ ተቆራጭ ማስወሰን ይችላል። ሕጉ ሲወጣ የተቆራጩ ጣሪያ በወር 10,000 ሩፒ ነበር። በዚህ ሕግ «ልጆች» የተባሉት ወንድ ልጅ፣ ሴት ልጅና የልጅ ልጆች ናቸው። ምራት አልተጠቀሰችም። እኔ በኖርኩበት ቤት ግን የአማቷን የመድኃኒት ሰዓት በቃሏ የምታውቀው ትልቋ ምራት ነበረች።

እባካችሁ በጉዳዩ ላይ ስትመለሱ አንዲት ምራት አነጋግሩ።

የቀድሞ የአህመዳባድ ተማሪ