ቅዳሜ ማታ ቴሌቪዥን እንክፈት

ውድ አባላት፣ ጤና ይስጥልን!

ከመድረክ ተዋናይነት ወደ ታሪክ መምህርነት የመጡት ወዳጃችን ቅዳሜ ማታ በቴሌቪዥን ስለ ጎጃሙ ንጉሥ ተክለ ሃይማኖት ይተርካሉ። ከልጆቻችሁ ጋር ተመልከቱ። ደብረ ማርቆስ መንቆረር ትባል ከነበረበት ዘመን ይጀምራሉ። እኔን ደስ ያሰኘኝ የእምባቦን ጦርነት ሽንፈት አለመሸሻቸው ነው። ንጉሡ በ1874 ዓ.ም ቆስለው በምኒልክ ተማረኩ። በ1888 ዓ.ም ግን የጎጃምን ጦር ይዘው ከዚያው ከምኒልክ ጋር ዓድዋ ዘመቱ። ልጆቻችን ሁለቱንም መስማት አለባቸው። ፉከራው ላይ ሲደርሱማ የመድረኩ ድምፃቸው ዛሬም አለ!

ለሚቀጥለው ክፍል ስለ በላይ ዘለቀ ከወላጆቻቸው የሰሙ አረጋውያንን ይፈልጋሉ። ቢቸና፣ ደጀንና ሞጣ ያላችሁ፣ የምታውቋቸው ካሉ እስከ ሐሙስ ለጸሐፊያችን ደውሉ። የቤተሰብ ፎቶ ያለውም ይዞ ይምጣ፤ ኮፒ ተደርጎ ወዲያው ይመለስለታል።