ያለ ንጉሥ፣ ያለ ጽሕፈት፦ ስለ ኢሮኮይ ሕዝብ ለጋሼ

ይድረስ ለውድ ወንድሜ ለጋሼ፣

ለጤናህ እንደምን ሰንብተሃል? እማዬስ? ልጆቹስ? እኔ ከናፍቆታችሁ በስተቀር እግዚአብሔር ይመስገን በጣም ደህና ነኝ።

ባለፈው ስለ ሰሜን አሜሪካው ነባር ሕዝብ ስለ ኢሮኮይ ስናወራ «ንጉሥ የሌለው፣ ፊደል የሌለው ሕዝብ እንዴት አድርጎ ይህን ያህል ዘመን መንግሥት ሆኖ ይቆያል?» ብለህ ጠይቀኸኝ ነበር። በስልክ የሚያልቅ ነገር ስላልሆነ ብጽፍልህ ይሻላል ብዬ ነው። የምጠቅስልህ ዓመት ሁሉ የፈረንጅ ነው፤ የእኛ ሲሆን እነግርሃለሁ።

ኢሮኮይ የሚለው ስም በፈረንሳዮች በኩል የመጣ ነው፤ እነሱ ራሳቸውን ሆደኖሾኒ፣ የረጅሙ ቤት ሰዎች፣ ይላሉ። እኔ ያለሁበት የኒው ዮርክ ግዛቷ ሮቸስተር ከሕዝቦቻቸው አንዱ የሆኑት የሴኔካዎች መሬት ነበር። ከምሥራቅ ወደ ምዕራብ ሞሃውክ፣ ኦናይዳ፣ ኦኖንዳጋ፣ ካዩጋና ሴኔካ ተደርድረው ይኖሩ ነበር፤ ተስካሮራዎች ደግሞ ከደቡብ ተሰደው መጥተው በ1722 ስድስተኛ ሆኑ። አገራቸውን እንደ አንድ ረጅም ቤት ነው የሚያዩት። ሞሃውክ የምሥራቁን በር ይጠብቃል፣ ሴኔካ የምዕራቡን፣ ኦኖንዳጋ መሐል ላይ እሳቱን ያነዳል።

እውነተኛው ረጅም ቤት ወርዱ 6 ሜትር ያህል፣ ከፍታውም የዚያኑ ያህል ነው። ርዝመቱ እንደ ቤተሰቡ ብዛት ይለያያል፤ 20 ሜትርም 60 ሜትርም ይሆናል፣ ከ100 ሜትር ያለፈም በቁፋሮ ተገኝቷል። ግድግዳውና ጣሪያው የኤልም ዛፍ ቅርፊት ነው። ቅርፊቱ የሚላጠው በጸደይ፣ ዛፉ ውኃ ሲስብ ብቻ ነው፤ ጊዜው ካለፈ ከግንዱ ጋር ተጣብቆ ይቀዳደዳል። ከተላጠ በኋላም ድንጋይ ተጭኖበት ካልደረቀ ይጠቀለልና ለምንም አይሆንም። መሐሉን ይዞ በየ6 ሜትሩ ምድጃ አለ፤ ግራና ቀኝ ፊት ለፊት ያሉ ሁለት ቤተሰቦች አንድ እሳት ይጋራሉ። ጉድለቱ ጭሱ ነው። በረዶ ሲጥል የጣሪያው ቀዳዳ ስለሚዘጋ ቤቱ ይታፈናል፤ ክረምቱን አብረዋቸው ያሳለፉ ሚሲዮናውያን ዓይናቸው እንደተጎዳ ጽፈዋል። ማየት ለሚፈልግ ከሮቸስተር ወጣ ብሎ፣ ቪክተር ከተማ አጠገብ፣ ጋኖንዳጋን የሚባለው የሴኔካ መንደር ሥፍራ ላይ በልኩ የተሠራ አንድ ቤት አለ። መንደሩ በፈረንሳይ ጦር ዘመቻ የጠፋው በ1687፣ ጎንደር ላይ ታላቁ ኢያሱ ነግሠው ሳለ ነው።

ወደ ጥያቄህ ልመለስ። ሕጉን ያመጣላቸውን ሰው ሰላም አድራጊው ይሉታል፤ የተጸውዖ ስሙን ያለ ቦታው መጥራት ነውር ነው። እሱና ረዳቱ ሂያዋታ እየዞሩ እርስ በርስ ይተላለቁ የነበሩትን አምስቱን ሕዝቦች ደም አደረቁ። መጨረሻ ላይ ያስቸገራቸው የኦኖንዳጋው ታዶዳሆ ነበር፤ ትውፊቱ ፀጉሩ ላይ እባብ የሚርመሰመስበት ክፉ ጠንቋይ አድርጎ ይስለዋል። ታዲያ አልገደሉትም፤ የሸንጎው ሰብሳቢ አደረጉት። ዛሬም የሰብሳቢው ማዕረግ ታዶዳሆ ነው። ዘመኑን አንዳንዶች በፀሐይ ግርዶሽ ሒሳብ 1142 ያደርሱታል፤ ብዙዎቹ የጥንት ቅርስ ቁፋሮ አጥኚዎች ግን ከ1450 እስከ 1600 ባለው ውስጥ ያስገቡታል።

ሸንጎው 50 መንበር አለው፦ ኦኖንዳጋ 14፣ ካዩጋ 10፣ ሞሃውክና ኦናይዳ ዘጠኝ ዘጠኝ፣ ሴኔካ 8። ሴኔካ በሕዝብ ብዛት ትልቁ ሆኖ ሳለ ትንሹን ቁጥር መያዙ ማንንም አላስከፋም፤ ድምፅ አይቆጠርማ። አንድ ጉዳይ ሲመጣ ሞሃውኮች ለብቻቸው ይመክሩበታል፤ ከዚያ ሴኔካዎች። ሁለቱ ታላላቅ ወንድሞች ከተስማሙ ነገሩን በእሳቱ ማዶ ለተቀመጡት ለኦናይዳና ለካዩጋ ያሻግሩታል። እነሱም ከተስማሙ ኦኖንዳጋ ያጸድቃል። ኦኖንዳጋ እንከን ካየበት ይመልሰዋል፤ እነዚያ ደግመው መክረው እንደነበረ ከላኩት ግን ማጽደቅ ግዴታው ነው። የሞሃውክ ሹማምንት ያልተገኙበት ሸንጎ ሕጋዊ አይደለም። አካሄዱ አዝጋሚ ነው፤ ጦርነት ላይም ክፉኛ ጎድቷቸዋል፤ እሱን ወደታች እነግርሃለሁ።

ሹሙን የሚመርጡት ወንዶች አይደሉም። ዘር የሚቆጠረው በእናት ነው፤ መንበሩም የእናቲቱ ጎሳ ንብረት ነው። የጎሳ እናት የምትባለዋ ሴት ከዘመዶቿ ጋር መክራ ሰውዬውን ታቀርባለች፤ ሲሾም የአጋዘን ቀንድ ይደረግለታል። ካጠፋ ትመክረዋለች፤ ካልሰማ ትደግመዋለች፤ በሦስተኛው የጦር አለቃው ይመጣበታል፤ ከዚያ ቀንዱ ይነሳና ተራ ሰው ይሆናል። ባል ሚስቱ ቤት ይገባል እንጂ ሚስት ባሏ ቤት አትሄድም። ቤቱም፣ እርሻውም፣ ጎተራውም የሴቶች ነው። ጎረምሶች ለዘመቻ ሲነሱ ሴቶቹ የደረቀ በቆሎና ጫማ ከከለከሏቸው ዘመቻው በዚያው ይቀራል። ጋብቻን በተመለከተ እኛ ሰባት ቤት እንቆጥራለን፤ እነሱ ጎሳ ነው የሚያዩት። ከሞሃውክ የተኩላ ጎሳ የሆነ ሰው ከካዩጋ የተኩላ ጎሳ አያገባም፤ የመጡት ከሁለት የተለያየ ሕዝብ ቢሆንም እህትና ወንድም ናቸው። አምስቱን ሕዝብ አስተሳስሮ የያዘው ከሸንጎው ይልቅ ይህ የጎሳ ዝምድና ይመስለኛል።

ቀጥሎ ያለውን ለእማዬ አንብብላት። ጓሯችን ውስጥ ያሉት በቆሎ፣ ቦሎቄና ዱባ ሦስቱም ዘራቸው የወጣው ከዚህ አህጉር ነው። የሆደኖሾኒ ሴቶች ሦስቱ እህትማማቾች ብለው አንድ ላይ ይዘሯቸዋል። መሬቱ አይታረስም። 30 ሳንቲ ሜትር ከፍታ፣ አናቱ 50 ሳንቲ ሜትር ስፋት ያለው ጉብታ ይሠራል፤ ከጉብታ እስከ ጉብታ ከ1.2 እስከ 1.5 ሜትር ይተዋል። የኦክ ዛፍ እንቡጥ ቅጠል የዛፍ ሽኮኮ መዳፍ ሲያክል ውርጩ አልፏል ማለት ነው፤ ያኔ በየጉብታው ከ4 እስከ 6 የበቆሎ ፍሬ ይተከላል። በቆሎው አንድ ስንዝር ያህል ሲሆን ቦሎቄው በዙሪያው፣ ዱባው ደግሞ ከሳምንት በኋላ። ብዙ ሰው የሚሳሳተው ቦሎቄውን አብሮ በመዝራት ነው፤ ሐረጉ ገና ያልጠነከረውን አገዳ ጎትቶ ያጋድመዋል። ዱባው ቅጠሉን ዘርግቶ አረሙን ያፍናል፣ እርጥበቱንም ይይዛል። ቦሎቄው በቆሎውን ይመግበዋል ሲባል ትሰሚ ይሆናል፤ እውነት ነው፣ ግን አብዛኛው ናይትሮጅን ለአፈሩ የሚደርሰው ሥሩ ከበሰበሰ በኋላ፣ ለከርሞው ሰብል ነው።

አዘገጃጀቱ ደግሞ ከእኛው ንፍሮ የሚለየው በአመዱ ነው። የደረቀው ነጭ በቆሎ በተነፋ የእንጨት አመድ ውኃ ይቀቀላል። አመዱ እንደ ኦክ ካለ ጠንካራ እንጨት መሆን አለበት፤ የጥድ አመድ አይሆንም። ድስቱም የአሉሚኒየም ከሆነ አመዱ ይበላዋል። አመዱ መብቃቱ የሚታወቀው ነጩ ፍሬ ወደ ብርቱካንማ ቢጫ ሲቀየር ነው፤ ካልተቀየረ ይጨመርበታል። ከ20 እስከ 30 ደቂቃ ከፈላ በኋላ አንዱን ፍሬ በጣት አሽተው ያዩታል፤ ሽፋኑ ሸርተት ካለ ወዲያው ይወርዳል፣ ከቆየ ግን ይላሽቃል። ከዚያ ሳሳ ብሎ በተሠራ ቅርጫት ውኃው እስኪጠራ ይታጠባል። ሥራው በከንቱ አይደለም፤ በቆሎ ውስጥ ያለው ኒያሲን የተባለ ቫይታሚን ለሰውነት የሚሆነው በአመድ ወይም በኖራ ሲዘጋጅ ነው። አውሮፓውያን በቆሎውን ወስደው አመዱን ትተውት፣ በሰሜን ጣሊያንና በዩናይትድ ስቴትስ ደቡባዊ ግዛቶች በቆሎ ብቻ የሚበሉ ድሆች ፔላግራ በሚባል በሽታ አለቁ። የታጠበው ሲፈጭ በፈላ ውኃ ይለወሳል፣ የተቀቀለ ቦሎቄ ይገባበታል፣ ክብ ሆኖ ተድቦልቡሎ እንደገና ይቀቀላል። ከአንድ ሰዓት በኋላ ሲንሳፈፍ በስሏል። በቀዝቃዛ ውኃ የተለወሰ እንደሆነ ድስቱ ውስጥ ይበተናል።

ጋሼ፣ ፊደልን በተመለከተ ዋምፐም አላቸው። ከባሕር ዛጎል የተፈለፈለ ነጭና ወይን ጠጅ ዶቃ በመቀነት መልክ ይሠራል። የሂያዋታ የሚባለው መቀነት በ38 ረድፍ 6,574 ዶቃ አለው፤ መሐሉ ላይ ዛፍ፣ ግራና ቀኝ ሁለት ሁለት አራት ማዕዘን። አምስቱ ሕዝቦች ናቸው፤ ዛፉ ኦኖንዳጋ ነው። መቀነቱ ብቻውን አይናገርም። ቃሉን በቃሉ የያዘ ሰው በእጁ ይዞ ያወርደዋል፤ ያ ሰው ሳያስተምር ከሞተ ቃሉ አብሮ ይቀበራል። መቀነቶቹ በአልባኒ ሙዚየም ብዙ ዘመን ተይዘው 12ቱ ለኦኖንዳጋ የተመለሱት በ1989 ነው።

አሁን ሸንጎው የተሰበረበትን ልንገርህ። አሜሪካኖች በእንግሊዝ ላይ ሲነሱ ስድስቱ ሕዝቦች አንድ ሐሳብ ሊሆኑ አልቻሉም። በጥር 1777 ኦኖንዳጋ ላይ ወረርሽኝ ገብቶ ሹማምንት ሲሞቱ የሸንጎው እሳት ተዳፈነ፤ በዚያ ወሳኝ ወቅት ሁሉም በየፊናው ሆነ። ኦናይዳና ተስካሮራ በአብዛኛው ከአሜሪካ፣ ሌሎቹ በአብዛኛው ከእንግሊዝ ጎን ተሰለፉ። በ1779 ጆርጅ ዋሽንግተን የላከው የጄኔራል ሱሊቫን ጦር ከ40 በላይ መንደር አቃጠለ። ጄኔራሉ አጠፋሁ ብሎ ሪፖርት ያደረገው በቆሎ 160,000 ቡሼል ነው፤ ተፈልፍሎ ቢመዘን በእኛ 40,000 ኩንታል ይደርሳል። የጦሩ ዒላማ ከሰው ይልቅ ያ የሴቶቹ ጎተራ ነበር። የተረፉት ናያጋራ ምሽግ ሥር ተጠልለው፣ በዚያ ከባድ ክረምት ብዙዎቹ በብርድና በረሃብ ሞቱ። ዋሽንግተንን በቋንቋቸው ከተማ አጥፊ ይሉታል፤ ተከታዮቹን ፕሬዚዳንቶችም በዚሁ ስም ይጠሯቸዋል።

በ1794 ካናንዳይጓ ላይ ከዚሁ ዋሽንግተን መንግሥት ጋር ውል ተፈራረሙ። አሜሪካ መሬታቸውን ላትነካ፣ በየዓመቱም 4,500 ዶላር የሚያወጣ ዕቃ ልትሰጥ ቃል ገባች። ገንዘቡ ከዚያ ወዲህ ከፍ አላለም፤ ከፊሉ ዛሬም በየዓመቱ በአቡጀዴ ይመጣል። ለአንድ ሰው የሚደርሰው ቁራጭ ቢሆንም ይቀበሉታል፤ አቡጀዴው እስከመጣ ድረስ ውሉ አልሞተም። ውሉ ግን በ1965 የኪንዙዋ ግድብ 10,000 ኤከር (4,000 ሄክታር) ያህል የሴኔካ መሬት ሲያጥለቀልቅ አላዳናቸውም። በካናዳ በኩል ያሉትም በ1784 በግራንድ ወንዝ ዳርና ዳር ወደ 950,000 ኤከር ተሰጥቷቸው ነበር፤ ዛሬ በእጃቸው ያለው 46,000 ገደማ ነው።

ከሁሉ ይልቅ አንተን የሚመለከትህ ይህ ነው። በ1923 የካዩጋው ሹም ደስካሄ፣ በሌላ ስሙ ሊቫይ ጄኔራል፣ የራሳቸው ሸንጎ በሰጠው ፓስፖርት ጄኔቭ ሄደ። ካናዳ በመንግሥታችን ላይ እጇን አስገባች ብሎ ለመንግሥታት ማኅበር ሊከስ ነው። ማኅበሩ የሚሰማው አባል መንግሥት ያቀረበውን ብቻ ነበር። ፋርስ፣ ኢስቶኒያ፣ አየርላንድና ፓናማ ጉዳዩን ሊያነሱለት ሞክረው ነበር፤ እንግሊዝ ተጫነቻቸውና ወደኋላ አሉ። ያው መስከረም ላይ፣ በእኛ መስከረም 17 ቀን 1916፣ በመስቀል ዕለት፣ ኢትዮጵያ እዚያው ማኅበር አባል ሆና ገባች። ደስካሄ በጥቅምት 1924 ገና ጄኔቭ ሳለ ካናዳ ፖሊስ ልካ ሸንጎውን ዘጋች፣ በምርጫ የሚሰየም ምክር ቤትም ተከለች። እሱ በሰኔ 1925 ሞተ። ጃንሆይ በእኛ ሰኔ 23 ቀን 1928 እዚያው ከተማ ሲናገሩ አባልነቱ ብቻውን ምን ያህል እንደሚያድን እኛም አየነው። የተዘጋው ሸንጎ ግን አልፈረሰም፤ የጎሳ እናቶቹ ዛሬም ሹም ይሾማሉ። ፓስፖርቱም አለ፤ በ2010 ላክሮስ የሚባለው የኳስ ጨዋታ ቡድናቸው በዚያው ፓስፖርት ለዓለም ሻምፒዮና ወደ ማንቸስተር ሊሄድ ሲል እንግሊዝ አላስገባም አለች፣ እነሱም በሌላ አገር ፓስፖርት አንሄድም ብለው ቀሩ።

የአሜሪካ ሕገ መንግሥት ከእነሱ ተቀዳ የሚባለውን ተማሪዎችህ ይጠይቁህ ይሆናል። የኦኖንዳጋው ካናሳቴጎ በ1744 ላንካስተር ላይ ቅኝ ገዢዎቹን እንደ እኛ ኅብረት ፍጠሩ ብሎ መክሯቸዋል፤ ቃሉን ያተመው ቤንጃሚን ፍራንክሊን ነው፤ ኮንግረስም በ1988 ለዚህ ዕውቅና ሰጥቷል። እንደ እኔ ግን ተቀዳ ማለት ይበዛል። የአሜሪካኖቹ በአብላጫ ድምፅ ይሠራል፤ ሴቶችን ደግሞ እስከ 1920 ጨርሶ ትቷቸው ነበር። ተጽዕኖው ጎልቶ የሚታየው በሴቶቹ ትግል ነው። ማቲልዳ ጆስሊን ጌጅ የምትባለው ታጋይ ጎረቤቶቿ የነበሩትን የሆደኖሾኒ ሴቶች ንብረትና ሥልጣን እያነሳች ትጽፍ ነበር፤ በ1893 ሞሃውኮች በተኩላ ጎሳ ውስጥ ተቀበሏት።

እማዬ የነጩን በቆሎ ዘር ላክልኝ ማለቷ አይቀርም። ያለ እፅዋት ጤና የምስክር ወረቀት በፖስታ አያልፍም። ቢያልፍም አይበጃትም፤ በረጅም የበጋ ቀን የለመደ ዘር ስለሆነ እኛ አገር ቶሎ አብቦ ድንክ ሆኖ ይቀራል። ያላትን ዘር በአመድ ትሞክረው። ስንት አመድ እንደበቃት፣ ቀለሙም እንዴት እንደሆነ ጻፉልኝ።

ለሁላችሁም ሰላምታዬ ይድረሳችሁ።

ታናሽ ወንድምህ
ከሮቸስተር