«አበላሸሽው» ያልኩሽ ቀን

ለውድ ልጄ፣

ሰላምሽ ይብዛ። እናትሽ ደህና ናት፤ «ብርዱን ትጠንቀቅ በላት» ብላለች። እኔም ከጉልበቴ በቀር ደህና ነኝ። ልደውልልሽ ነበር፤ ግን ስልክ ላይ እጮሃለሁ፣ አንቺም ትስቂብኛለሽ።

ለገና መጥተሽ ያሰማሽኝ ነገር ነው የሚያጽፈኝ። የአያትሽን የመሲንቆ ካሴት ከሣጥኔ አውጥተሽ፣ ከሥሩ ደረት የሚደበድብ ቤዝ ጨመርሽበት። እኔ ደግሞ ግማሹን እንኳ ሳልሰማ «አበላሸሽው» አልኩሽ። መልስ አልሰጠሽኝም። ላፕቶፕሽን ዘግተሽ ወደ ላይ ወጣሽ።

ባለፈው ሳምንት ዴፖ ውስጥ ሻይ ይዘን ይህንኑ ዘሩ ሕንድና ፓኪስታን ከሚጋሩት ከፑንጃብ ምድር ለሆነ አንድ ፑንጃቢ ሹፌር አወራሁለት። ሰውዬው ሳቀ። «የኔም አባት እንደዚሁ ብሎኛል» አለ። ልጅ ሆኖ ፑንጃቢ ኤምሲ የሚባለውን የሙዚቃ አቀናባሪ «ሊጋላይዝድ» አልበም ቤት ይዞ ሲገባ ነው አሉ፤ አባትየው «ዘፋኙን ትራክተር ላይ ጭነውታል!» ብለው ተቆጡ።

አልበሙ የወጣው በፈረንጆቹ 1998 ነው። ሠሪው እዚሁ እንግሊዝ፣ አጠገባችን ካለችው ከኮቨንትሪ ከተማ የወጣ ልጅ ነው። ከአልበሙ ውስጥ ዓለም ያወቀው «ሙንዲያን ቶ ባች ኬ» የሚለውን ነው። ቱምቢ የሚባል የፑንጃብ መሣሪያ አለበት። ባለ አንድ ክር ነው፣ እንደ መሲንቋችን! የእኛው በደጋን ሲገዘገዝ የእነሱ በጣት ይመታል። ልጁ ከቱምቢው ሥር ምን ቢያስገባ ጥሩ ነው? «ናይት ራይደር» የሚባለውን፣ መኪናው የሚናገርበትን የአሜሪካ የቴሌቪዥን ፊልም መግቢያ ሙዚቃ።

ያኔ ባንግራ የሚባለው የፑንጃቦች የጭፈራ ሙዚቃ ካሴት የሚሸጠው በእስያውያን ሱቆች ነበር፤ እዚህ በርሚንግሃም እንደ ሶሆ ሮድ ያሉት ዘንድ። የእነዚያ ሱቆች ሽያጭ ደግሞ የእንግሊዝ የሙዚቃ ሰንጠረዥ ውስጥ አይቆጠርም ነበር። ሠርግ ቤቱ ሁሉ ሲጨፍርበት ሬዲዮው አልሰማም። ዘፈኑ በ2002 ጀርመን ውስጥ እንደገና ወጣ። በጥር 2003 እዚህ አምስተኛ ሆነ። በዚያው ዓመት አሜሪካዊው ራፐር ጄይ-ዚ ራፕ ጨመረበት፣ የኢራቅን ጦርነትም በመሃል ጣል አደረገ። የምሠራበት መጋዘን ሬዲዮ ቀኑን ሙሉ ይለቀው ነበር። እኔም ሣጥን እየተሸከምኩ ትከሻዬን እሰብቅ ነበር፤ ሳቂ።

ለካ ግጥሙ ልጅቷን «ገና ለአቅመ ሔዋን መድረስሽ ነው፣ ከጎረምሶች ተጠንቀቂ» የሚል ነው! ስንት ዓመት ስጨፍርበት የኖርኩት እኔ አንቺን ስመክር የምለውን ነው።

አልበሙን ሙሉውን ሰማሁት። እውነቱን ልንገርሽ፣ ሁሉም አልጣመኝም፤ አንዳንዱ ምት ብቻ ነው። ይሄኛውን ግን ደግሜ ደጋግሜ ሰማሁት። ዘፋኙ ላብ ጃንጁዋ ለፈረንጅ ጆሮ ብሎ ድምፁን አላለዘበም፣ በፑንጃብኛ እንዳለ ይለቀዋል። ቱምቢውም ከፊት ነው። ቤዙ ሥር ሆኖ ይሸከመዋል እንጂ አይጋርደውም።

ያንቺን ለወንድምሽ ልከሽለት ስለነበር ከእሱ ስልክ ላይ እንደገና ሰማሁት። ይኸውልሽ፣ ያን ቀን ልልሽ የሚገባኝ ይሄ ነበር፦ መጀመሪያው ላይ መሲንቆው አይሰማም፣ ቤዙ ውጦታል። ወደ መጨረሻው ቤዙን ስታወጪው ግን አባቴ ሳሎን ገብቶ የተቀመጠ መሰለኝ። አላበላሸሽውም። ይቅር በይኝ።

ካሴቱ ሁለተኛ ገጽ አለው፣ ያን አልሰማሽውም። በፖስታ ልኬልሻለሁ። ክሩ ላልቶ ነበር፣ በእስክሪብቶ ጠምጥሜዋለሁ። አያትሽ መሃል ላይ ያስላል። ሳሉን እንዳትቆርጪው።

አባትሽ