የታሪክ ክበብ፦ ደወሉ እስኪደወል

ዘንድሮ ክበባችን አንድ ሕግ ነበረው። እስከ ሚያዝያ ድረስ «ጦርነት» ብሎ ነገር የለም። ርዕሳችን ከአንደኛው የዓለም ጦርነት በፊት የነበረው የተራው ፈረንሳዊ ኑሮ ነው። ሰውየው ግን «ከጦርነት በፊት» እየኖረ እንደሆነ በምን ያውቃል? እኛም እንዳላወቅን እንሁን ተባባልን። መድፍና ታንክ ፍለጋ የተመዘገቡት በሁለተኛው ሳምንት ወደ ስፖርት ክበብ ገቡ። ደህና ይሁኑ።

የቀሩት ፈረንሳይ ሲባል የሚታያቸው የኤፍል ማማና ሽቶ ነበር። በ1911 (ዘመኑ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን ነው) ግን ከግማሽ በላዩ ሕዝብ ገና ገጠር ነው። የእንጨት ጫማ ይጫማል፤ በፋኖስ ያመሻል፤ እራቱ ሾርባና ዳቦ ነው። ሴቶቹ በመንደሩ የጋራ ማጠቢያ ላይ ተንበርክከው ልብስ ያጥባሉ። ወሬውም እዚያው ይታጠባል።

ትምህርት ቤት ነፃና ግዴታ ሆኗል። ነገር ግን በምዕራብ ፈረንሳይ የብሪታኒ ገበሬ ልጅ ክፍል ውስጥ በእናቱ ቋንቋ ሲያወራ ከተያዘ ይቀጣል። ለዚህ አንድ ስብሰባ ነበር የያዝኩት፤ ሦስት ፈጀ። ቤታቸው ሌላ ቋንቋ የሚናገሩ አባላት ስላሉን ክርክሩ የፈረንሳይ ብቻ አልሆነም።

1906 ላይ ደግሞ ሁላችንም ዝም አልን። ኩሪዬር በተባለ የከሰል ማዕድን 1,099 ሰዎች አለቁ። ከነሱ መካከል ገና ልጅ የሆኑም ነበሩ። በሳምንት አንድ ቀን የማረፍ መብት በሕግ የወጣው በዚያው ዓመት ነው።

ሚያዝያ ደረሰና 1914 ገባን። የዚያ ሐምሌ የጋዜጣ ወሬ ምን ነበር? የአንድ የቀድሞ ሚኒስትር ባለቤት የጋዜጣ አዘጋጅ ተኩሰው ገድለው ችሎት ቆመዋል። ነፃ የወጡት ኦስትሪያ በሰርቢያ ላይ ጦርነት ባወጀችበት ዕለት ነው። የሚኒ ሚዲያ ልጆቻችን «ያኔ ቲክቶክ ቢኖር!» አሉ።

ከአራት ቀን በኋላ በፈረንሳይ የክተት አዋጅ ወጣ። በእኛ ሐምሌ 25 ቀን 1906 ዓ.ም. መሆኑ ነው፤ አጼ ምኒልክ ያረፉበት ዓመት። ወቅቱ አጨዳ ነበር። የቤተ ክርስቲያኑ ደወል ሲያስተጋባ ማሳ ላይ ያለው ገበሬ እሳት የተነሳ መሰለው።

ይህችን ትዕይንት በትወና ልናሳይ ስንለማመድ ዘበኛችንን የትምህርት ቤቱን ደወል እንዲደውሉልን ለመንናቸው። ደወሉልን። የታች ክፍል ልጆች ዕረፍት መስሏቸው፣ ምሳ ዕቃቸውን ይዘው እየጮኹ ሜዳውን ሞሉት። ማጭድ ይዘው የቆሙት «ገበሬዎቻችን» ለመደንገጥ ትወና አላስፈለጋቸውም።