እማዬ፣ ያቺ ሽንሽን ጉርድሽ

እማዬ፣ እንደምን ሰነበትሽ? ጉልበትሽስ ተሻለሽ?

ባለፈው ቁም ሳጥንሽን ስናስተካክል ሰማያዊዋን ሽንሽን ጉርድሽን አንስቼ «ይቺ ፕላስቲክ ናት፣ ትጣል» አልኩሽ። ምንም አልመለስሽልኝም። አጣጥፈሽ መልሰሽ አስቀመጥሻት። ከዚያን ቀን ወዲህ ነገሩ ከልቤ አልወጣም።

ልጅ ሆኜ ልተኩስልሽ ብዬ ያቃጠልኳት እሷን ነበር። የጋለውን ካውያ ሳሳርፍባት ጫፏ ተኮማትሮ ብረቱ ላይ ተጣበቀ። «እሷ እኮ መተኮስ አትፈልግም!» አልሽኝ። ቁጣሽ ብቻ ነበር የተሰማኝ። ጉርድሽ የተሠራችበት ፖሊስተር የሚባለው ሰው ሠራሽ ጨርቅ በሙቀት ይለሰልሳል። ፋብሪካ ውስጥ በሙቀት የተያዘ ሽንሽን ሲቀዘቅዝ እንደተያዘ ይቀራል፤ ቢታጠብም አይፈታም። ማታ አጥበሽ ትሰቅያታለሽ፣ ጠዋት ለብሰሻት ሥራ ትሄጃለሽ። ያን ሁሉ ሽንሽን አንድ በአንድ መተኮስ ቢኖርብሽ መቼ ትተኚ ነበር?

ስለ ሌላው ሰው ሠራሽ ጨርቅ፣ ስለ ናይሎን፣ ሳነብም አንቺን አሰብኩ። ዋላስ ካሮተርስ የሚባል፣ ዱፖንት በተባለ የአሜሪካ ኩባንያ የሚሠራ ኬሚስት እ.ኤ.አ. በ1935 ሠራው። የናይሎን ስቶኪንግ በ1940 አሜሪካ ውስጥ በየሱቁ ሲሸጥ ግን እሱ በሕይወት አልነበረም። ሁለተኛው የዓለም ጦርነት መጣና ናይሎኑ ለፓራሹት ሆነ። ሴቶቹ ባዶ እግራቸው ላይ ከኋላ በእርሳስ መስመር ያሰምሩ ነበር፣ የስቶኪንግ ስፌት እንዲመስል። ከጦርነቱ በኋላ፣ በ1946፣ ፒትስበርግ ውስጥ ለ13 ሺህ ጥንድ ስቶኪንግ ወደ 40 ሺህ ሰው ተሰለፈ። ብዙዎች ይህን ሲያወሩ ይስቃሉ። እኔ አልሳቅኩም። ከዓመታት እጦት በኋላ እንደ ልብ መልበስ የፈለጉ ሴቶች ናቸው።

በ1958 ደግሞ ስፓንዴክስ የሚባለው፣ እንደ ላስቲክ የሚሳብ ክር መጣ። ሆድና ዳሌ ጨምቆ የሚይዘው ወፍራም የጎማ መታጠቂያ በቀላል ጨርቅ ተተካ። ዛሬ የምሮጥበት ሱሪ የእሱ ልጅ ነው።

ቅሬታዬን ግን አልተውኩም። ሰው ሠራሽ ጨርቅ ላብ አይመጥም፣ ሲያወልቁት ይንጣጣል። በታጠበ ቁጥር ዓይን የማያየው ብናኝ ከውሃው ጋር ይሄዳል። በጣም የሚያናድደኝ ደግሞ ሁለቴ ተለብሶ የሚጣለው ርካሹ ልብስ ነው። የሚጣለው ጨርቅ ግን ከአንቺ ጉርድ ጋር አንድ ዓይነት ነው! አንቺ ይኸው ስንት ዓመት ይዘሻታል። የጣልኩት እኔ ነኝ።

ስመጣ ልለካት። አንድ ነገር ግን ንገሪኝ፦ ያቃጠልኩት ጫፍ የት ገባ? ዙሪያውን ወደ ውስጥ አጥፈሽ ሰፍተሽው ነው? ለካ ለዚህ ነው ያጠረችው።

የምትወድሽ ልጅሽ