ድምፅሽ እኔ ጋ አለ

እማዬ፣

ጉልበትሽ እንዴት ሆነ? ክኒኑን በባዶ ሆድ እንዳትውጪው። ትንሿ የፊት ጥርሶቿ ወልቀው ስታወራ ታፏጫለች። ትልቁ በቁመት ጥሎኝ ሄዷል፤ ከሂሳብ ጋር ግን አሁንም አልታረቁም።

ፊልሙ የት ደረሰ ብለሽኝ ነበር። ኤዲቲንግ ላይ ነን። ሴቶቹ ማታ ገብተው ሊነጋ ሲል የሚወጡ ጽዳቶች ናቸው። የቀጠራቸው ኤጀንሲ ነው። ስለ ትርፍ ሰዓት ሲጠይቁ ኤጀንሲው ወደ ሕንጻው፣ ሕንጻው ወደ ኤጀንሲው ይመራቸዋል። እያንዳንዷ ፎቅ ላይ ብቻዋን ናት፤ ለመደራጀት መጀመሪያ መገናኘት አለባቸው። የሚገናኙት መጥረጊያ የሚቀመጥባት ክፍል ውስጥ ነው፣ ለአሥር ደቂቃ፣ ቆመው።

ፊታችን አይታይ ያሉትን እጃቸውን ብቻ ቀረጽኩ። በረኪና የላጠው እጅ። ታውቂዋለሽ። አንዷ ፈቅዳ ፈርማ፣ በሳምንቱ ፈራሁ አለችኝ። ከቀረጽኩት ሁሉ የምወደው እሱን ነበር። ከፊልሙ አወጣሁት።

እ.ኤ.አ. በ1975 የወጣ፣ የለንደን የሌሊት ጽዳቶች ለመደራጀት ያደረጉትን ትግል የሚያሳይ ፊልም አለ። በምስሎቹ መሀል ስክሪኑ ድንገት ይጨልማል። ሲጨልም አንቺ ትመጪብኛለሽ።

ዘጠኝ ዓመቴ ነበር። አቤቱታው ሲዞር እስክሪብቶው አንቺ ጋ ደረሰ። ዞር ብለሽ አየሽኝና ለጎረቤታችን አቀበልሻት። እሷ ፈረመች፤ ተባረረች። አለመፈረምሽ ይገባኛል፣ እኔም አሁን እናት ነኝ። ከዚያ በኋላ ግን እሷን ከሩቅ ስታዪ እጄን ይዘሽ መንገድ ታሻግሪኝ ነበር። አዝላ ያሳደገችኝን ሴት! እሱ እስካሁን አልወጣልኝም።

እሺ፣ ልናገረው። ባለፈው ስመጣ ማታ ስለሷ ስታወሪኝ ስልኬ እየቀዳ ነበር። ሴቶቹን አንድ በአንድ ያስፈቀድኩ ሰው እናቴን ሳልጠይቅ ቀዳሁ። ፊልሙ ውስጥም አስገብቼዋለሁ። አንድ ቦታ ላይ ዝም ትያለሽ፣ የግድግዳው ሰዓት ብቻ ይሰማል። ከዚያ «እሷ እኮ ለኔም ነው የፈረመችው» ትያለሽ።

አውጪው ካልሽ አወጣዋለሁ። በስልክ ግን እንዳትመልሺልኝ፤ በስልክ እሺ የምትይው እንዳይከፋኝ ብለሽ ነው። እሁድ ማዳመጫ ይዤ እመጣለሁ። መጀመሪያ ስሚው።

በሩን እኔው እከፍታለሁ፣ ቁልፍ አለኝ። ደረጃውን ብቻሽን እንዳትወርጂ።

ልጅሽ