ያለ ደመወዝ ፈቃድ ላይ ያለ ሠራተኛ በራሱ ጥያቄ ጡረታ መውጣት አይችልምን?

ክቡር የጋዜጣው አዘጋጅ፣

በአንድ የመንግሥት የልማት ድርጅት ውስጥ ከመስከረም 1987 ዓ.ም. ጀምሮ በሒሳብ ሠራተኛነት 28 ዓመት አገልግያለሁ። እናቴ በስትሮክ ታማ አልጋ ላይ በመዋሏ፣ መስከረም 2015 ዓ.ም. ላይ በኅብረት ስምምነታችን መሠረት ያለ ደመወዝ ፈቃድ ጠይቄ ተፈቀደልኝ፤ በኋላም አንድ ጊዜ ተራዘመልኝ። በዚህ መካከል 55 ዓመት ሞላኝ። የጡረታ ሕጋችን ቢያንስ 25 ዓመት ያገለገለ የመንግሥት ሠራተኛ፣ የ60 ዓመቱ መውጫ አምስት ዓመት ሲቀረው በራሱ ጥያቄ ጡረታ እንዲወጣ ስለሚፈቅድለት፣ ማመልከቻዬን ይዤ ወደ ሰው ሀብት ክፍል ሄድሁ።

ማኅደሬን ያወጣው ወጣት ባለሙያ በትሕትና ነው ያስተናገደኝ፤ ጥፋቱም የእሱ አይመስለኝም። ማመልከቻውን ሁለት ጊዜ ካነበበ በኋላ፣ «እርስዎ እኮ አሁን ሥራ ላይ አይደሉም፤ መጀመሪያ ተመልሰው ሥራ ይጀምሩ፣ ከዚያ ይጠይቁ» አለኝ። እሺ ልመለስ ስለው ደግሞ መዋቅሩ ስለተቀየረ የነበርኩበት መደብ መታጠፉንና ምደባ እስኪሰጠኝ መጠበቅ እንዳለብኝ ነገረኝ። ካልሆነ በፈቃዴ ሥራዬን እንድለቅ መከረኝ። ከዚያም በማመልከቻዬ ኅዳግ ላይ በእርሳስ «በሥራ ላይ ያልሆነች» ብሎ ጽፎ ማኅደሩ ውስጥ አኖረው። እስከ ዛሬ የጽሑፍ መልስ አልደረሰኝም።

ያቺ የእርሳስ ጽሑፍ ከሕጉ ጋር አትስማማም። የአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156/2011፣ በሠራተኛው ጥያቄ አሠሪው የሚሰጠውን ደመወዝ የማይከፈልበት ፈቃድ ከሥራ ውል የሚመነጩ መብቶችና ግዴታዎች ለጊዜው ከሚታገዱባቸው ምክንያቶች እንደ አንዱ ይቆጥረዋል፤ እገዳው ግን ውሉን እንደማያቋርጠው በግልጽ ይደነግጋል። ስለዚህ ለጊዜው የቆመው የእኔ የመሥራት ግዴታና የድርጅቱ ደመወዝ የመክፈል ግዴታ እንጂ ሠራተኛነቴ አይደለም። ድርጅቱ ራሱ ፈቃዴን ሲያራዝም «ሠራተኛችን» ብሎ ጽፎልኛል። ለፈቃድ ሲሆን ሠራተኛ፣ ለጡረታ ሲሆን እንግዳ የምሆንበት ምክንያት አይገባኝም።

በፈቃድ መልቀቅና በራስ ጥያቄ ጡረታ መውጣት ሲሰሙት ይመሳሰላሉ፤ በኪስ ላይ ያላቸው ልዩነት ግን ሰፊ ነው። ሥራውን በገዛ ፈቃዱ የለቀቀ ሰው አበሉ የሚጀምርለት 60 ዓመት ሲሞላው ነው፤ ይህም ማለት ምክሩን ብቀበል እስከ 60 ወር የሚደርስ አበል ይቀርብኛል። አበሉ ለመጀመሪያዎቹ 10 ዓመታት 30 ከመቶ፣ ከዚያ በላይ ላለው ለእያንዳንዱ ዓመት ደግሞ 1.25 ከመቶ እየተደመረ ስለሚሰላ፣ የእኔ 28 ዓመት 52.5 ከመቶ ያህል ይሆናል። ለዚህም ፈቃድ እስከወጣሁበት ወር ድረስ መዋጮው፣ በመጨረሻው ጊዜ 7 ከመቶ ከደመወዜ፣ 11 ከመቶ ከድርጅቱ፣ ሳይቋረጥ ገብቷል። ያለ ደመወዝ የቆየሁበት ጊዜ በአገልግሎት ይቆጠርልኝ አላልኩም፤ መዋጮ አልገባበትምና።

አበሉ የሚሰላበት የመጨረሻዎቹ ሦስት ዓመታት አማካይ ደመወዝ የትኛው ነው የሚለውም መልስ የሚሻ ነው። በፈቃድ ላይ ደመወዝ ስለሌለ፣ ፈቃድ ከመውጣቴ በፊት ያሉት ሦስት ዓመታት ናቸው ብዬ አስባለሁ። ይህ ለእኔ የሚጎዳ ስሌት ነው፤ ከዚያ ወዲህ የደመወዝ ስኬሉም የገበያውም ዋጋ ተለውጧልና። ቢሆንም ይህንኑ ለመቀበል ዝግጁ ነኝ።

ችግሩ የእኔ ብቻ አይደለም። ባለቤቷን ተከትላ ውጭ አገር የሄደች የሥራ ባልደረባዬ፣ 26 ዓመት አገልግላ በወኪሏ በኩል ያቀረበችው ተመሳሳይ ጥያቄ «ራሷ መጥታ ሥራ ትጀምር» ተብሎ ተመልሶባታል። ለጥቂት ወራት ብቻ ወንበር ላይ ለመቀመጥ የአውሮፕላን ቲኬት መቁረጥ ለእሷም ለድርጅቱም ምን እንደሚጠቅም የሚያስረዳ ሰው አላገኘችም።

የመንግሥት ሠራተኞች ማኅበራዊ ዋስትና አስተዳደር፣ ያለ ደመወዝ ፈቃድ ላይ ያለና የዕድሜውንም የአገልግሎቱንም መስፈርት ያሟላ ሠራተኛ ወደ ሥራ ሳይመለስ ጡረታ መጠየቅ መቻል አለመቻሉን፣ አማካይ ደመወዙም ከየትኛው ወር ወደ ኋላ እንደሚቆጠር ለልማት ድርጅቶች ሁሉ በሰርኩላር ቢያሳውቅ፣ የእኛን ማመልከቻ የያዙ የሰው ሀብት ባለሙያዎችም ከእርሳስ ወደ እስክሪብቶ ይሸጋገሩ ነበር።

ከአክብሮት ጋር፣
ስሜ እንዳይገለጽ የምጠይቅ የሒሳብ ሠራተኛ፣ ከአዲስ አበባ